ፈጠራችሁን ለሰው ከማሳየታችሁ በፊት

ባለፈው ሰሞን አንዲት የምህንድስና ተማሪ፣ የሠራችውን መሣሪያ የሚያሳይ ቪዲዮ ለሕዝብ ከለቀቀች ስድስት ወር እንዳለፋት ገልጻ፣ አሁንም በአሜሪካ ፓተንት፣ ማለትም ፈጠራዋን ሌላ ሰው እንዳይሠራውና እንዳይሸጠው የሚከለክል መብት፣ ልታወጣበት ትችል እንደሆነ ጠየቀችኝ። ለእርሷ የሚበቃው መልስ አጭር ነው። የአሜሪካ ሕግ ፈጣሪው ራሱ ሥራውን ይፋ ካደረገበት ቀን አንሥቶ ማመልከቻ የሚያስገባበት አንድ ዓመት ይሰጠዋል፤ በአውሮፓ ግን ፈጣሪው ራሱ አስቀድሞ ይፋ ያወጣው ነገር አዲስ ተብሎ ስለማይቆጠር፣ ያ በር ከወዲሁ ተዘግቶባታል። ይህን ጽፌ ከላክሁላት በኋላ ጥያቄዋ ከአእምሮዬ አልወጣ አለ። ይህንኑ ጥያቄ ጊዜው ካለፈባቸው በኋላ ይዘው የመጡ አንድ መካኒክ ነበሩና፣ የእሳቸው ነገር እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

አብዛኛውን የሥራ ዘመኔን ያሳለፍሁት በቨርጂኒያ፣ በአንድ የፓተንት ጠበቃ ቢሮ ውስጥ የማመልከቻ ሥዕሎችን በመሥራት ነው። ኮምፒውተር ገና ሥራችን ውስጥ አልገባም ነበር፤ በወፍራም ነጭ ወረቀት ላይ በጥቁር ቀለም እናሠምራለን፣ ለእያንዳንዱ የመሣሪያው ክፍል ቁጥር እንሰጣለን፣ ያው ቁጥር በጽሑፉ ውስጥ ይጠቀሳል፤ አንዱ ቁጥር ከሁለቱ በአንዱ ከጎደለ ማመልከቻውን የሚያየው የመንግሥት መርማሪ ይመልስብናል። የፓተንት መሥሪያ ቤቱ ያኔ እዚያው ቨርጂኒያ፣ ክሪስታል ሲቲ በሚባል ሰፈር ነበር። የቀድሞ ፓተንቶችን የምንፈትሸውም በአዳራሹ በተደረደሩት ጠባብ መሳቢያዎች የታጨቁትን ወረቀቶች አንድ በአንድ እየገለጥን ነው። አንድ የብሎን ዓይነት ስፈልግ የመቶ ዓመት ዕድሜ ያለው የማረሻ ሥዕል እጄ ገብቶ፣ የሠዓሊውን ጥንቃቄ ስመለከት ምሳ ሰዓት ያለፈብኝ ጊዜ ብዙ ነው። ያ የወረቀት አዳራሽ ከማንኛውም ትምህርት ቤት በላይ አስተምሮኛል።

መካኒኩ በዕድሜ በጣም ይበልጡኝ ስለነበር ጋሼ እያልሁ ነበር የምጠራቸው። ሙያውን በአዲስ አበባ ጋራዥ ውስጥ ከልጅነታቸው ጀምረው የተማሩ፣ ዋሽንግተን አካባቢ ከመጡም በኋላ በዚያው የሚተዳደሩ ሰው ነበሩ። ካምቢዮ ፈትቶ ማውረድና መልሶ መግጠም ወገብ የሚሰብር፣ ብዙ ጊዜም ሁለት ሰው የሚጠይቅ ሥራ መሆኑን መኪና ሥር ተኝቶ የሠራ ሁሉ ያውቀዋል። እሳቸው በክሪክ አናት ላይ የሚቀመጥ፣ ካምቢዮውን አቅፎ የሚይዝ የብረት መቀመጫ ሠርተው ነበር። የመቀመጫው ልዩነት አንድ እጀታ ብቻ ያለው መሆኑ ነው፤ እጀታው ወደ ውጭ ተስቦ ሲዞር መቀመጫው ወደ ፊትና ወደ ኋላ ያዘነብላል፣ ወደ ውስጥ ተገፍቶ ሲዞር ደግሞ ወደ ግራና ወደ ቀኝ። ስለዚህ አንድ ሰው በጀርባው እንደተኛ በአንድ እጁ ክብደቱን እየመራ፣ የካምቢዮውን ዘንግ ከፍሪሲዮኑ ጋር አስተካክሎ ማስገባት ይችላል። በሥራዬ ብዙ መሣሪያ ሣልሁ፤ እንደዚያ ንጹሕ የሆነ አሠራር ያየሁት ግን ጥቂት ነው።

ወደ ቢሯችን ይዘው የመጡት ዘይት የጠጣ የተማሪ ደብተር ነበር። ሥዕሎቹ በእርሳስ፣ ልኬቶቹ በሚሊሜትር፣ ማብራሪያው በአማርኛ ሆኖ፣ በየገጹ ራስ ላይ ቀን ተጽፎበታል። ከመጀመሪያዎቹ ገጾች አንዱ «ጥቅምት 14 ቀን 1973» ይል ነበር። ጠበቃው ቁጥሩን ብቻ አንብበው በጣም ያረጀ ነገር መሰላቸው፤ በኢትዮጵያ አቆጣጠር መሆኑን፣ በእነርሱም ኦክቶበር 24 ቀን 1980 እንደሚሆን አስረዳሁ። ሰውየው እያንዳንዱን ስብራትና እርማት፣ የቱ ብረት እንደጎበጠ፣ የቱ ጥርስ እንደተበላ ሳይቀር መዝግበው ነበር። ጠበቃው ገጾቹን እየገለጡ በአድናቆት ራሳቸውን ከነቀነቁ በኋላ፣ እንደ ልማዳቸው ለሁሉም የሚያቀርቧትን ጥያቄ በእኔ በኩል አቀረቡ፤ መሣሪያውን ለመጀመሪያ ጊዜ የሸጡት መቼ ነው? ጋሼ ፊታቸው በራ። «ለሙያ ጓደኞቼ እየሠራሁ መሸጥ ከጀመርሁ ሦስት ዓመት አልፎኛል፤ አንድም ተበላሽቶ የተመለሰ የለም» አሉ። ይህን ያሉት ለመሣሪያቸው ይመሰክርላቸዋል ብለው ነበር። ጠበቃው ብዕራቸውን ጠረጴዛው ላይ አኖሩ።

ሕጉ ለሽያጭ ከቀረበ ወይም በሕዝብ ዘንድ ከተሠራበት ከአንድ ዓመት በላይ የሆነውን ፈጠራ አይቀበልም። በ1839 የወጣው ሕግ ለፈጣሪው ሁለት ዓመት ይሰጠው ነበር፤ በ1939 ጊዜው ወደ አንድ ዓመት ተቀነሰ (ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመታትም እንዲሁ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው)። በቀድሞው ሕግ ቢሆን እንኳ ጋሼ ዘግይተዋል። ይህን ሁሉ በአማርኛ የነገርኋቸው እኔ ነኝ። ጥቂት ዝም ብለው፣ «ታዲያ ሌላ ሰው አይቶ ቢሠራውስ?» ብለው ጠየቁኝ። ይችላል አልኋቸው። «እኔስ መሥራቴን እቀጥላለሁ?» አሉ። ማንም አይከለክልዎትም አልሁ። ደብተራቸውን አንሥተው ጠበቃውንም እኔንም አመስግነው ወጡ። ጠበቃው ገንዘብ አልተቀበሏቸውም።

የሚቆጨኝ ሕጉ ጨካኝ መሆኑ አይደለም። በዚያን ጊዜ በማኅበራችን ውስጥ ስለ ግሪን ካርድ፣ ስለ ታክሲ ፈቃድ፣ ስለ ቤት ብድር የሚመክር ሰው ሞልቶ ነበር፤ በእድሩም በቤተ ክርስቲያኑም ግቢ ስለ ፓተንት አንዲት ቃል የሚናገር ግን አልነበረም። እኒያ ሰው ያንን ደብተር ሲሞሉ በኖሩባቸው ዓመታት፣ «ከመሸጥዎ በፊት አንድ ጠበቃ ያማክሩ» የምትል አንዲት ዓረፍተ ነገር ከማንም ሳይሰሙ ቀሩ።

ሕጉ ለምን እንዲህ እንደሆነ ለመረዳት ወደ አጀማመሩ መመለስ ያስፈልጋል። የአሜሪካ ሕገ መንግሥት ለኮንግረሱ ከሰጣቸው ሥልጣኖች አንዱ፣ የዕውቀትንና የጠቃሚ ሙያዎችን ዕድገት ለማገዝ፣ ለፈጣሪዎች በሥራቸው ላይ ለተወሰነ ጊዜ ብቸኛ መብት መስጠት ነው። ፈጣሪው ምስጢሩን ሌላ ባለሙያ አንብቦ ሊሠራው እስኪችል ድረስ ይጽፋል፣ መንግሥት በምላሹ የተወሰነ ዕድሜ ያለው መብት ይሰጠዋል፣ ዕድሜው ሲያልቅ ዕውቀቱ የሁሉም ይሆናል። ፈጣሪው ለዓመታት ሸጦ ከተጠቀመበት በኋላ መጥቶ ዘመኑን ከዛሬ ቁጠሩልኝ እንዳይል ነው ገደቡ የተበጀው። የመጀመሪያው የፓተንት ሕግ በኤፕሪል 1790 ወጣ፤ የመጀመሪያው ፓተንት ደግሞ ጁላይ 31 ቀን ለሳሙኤል ሆፕኪንስ፣ ከአመድ ፖታሽ ለማውጣት ላገኘው ዘዴ፣ በፕሬዚዳንት ጆርጅ ዋሽንግተን ፊርማ ተሰጠ። ማመልከቻዎችን ይመረምሩ የነበሩት ቶማስ ጀፈርሰንን ጨምሮ ሦስት ባለሥልጣናት ስለነበሩ ሥራው በዛባቸውና በ1793 ምርመራው ቀርቶ ምዝገባ ብቻ ሆነ። ይህ ትልቅ ጥፋት ነበር፤ የሌላውን ሥራ የራሱ አስመስሎ የሚያስመዘግብ በዛ፣ ክርክሩም ፍርድ ቤቶችን አጨናነቀ። ባለሙያ መርማሪዎች ያሉት መሥሪያ ቤት የተቋቋመው በ1836 ነው።

በዚያው ዓመት በዲሴምበር መሥሪያ ቤቱ ተቃጠለ። ወደ 10,000 የሚጠጋ የፓተንት ሰነድ ከነሞዴሎቹ ወደመ፤ ከፈጣሪዎቹ እጅ ቅጂ ተሰብስቦ መመለስ የተቻለው ከ3,000 በታች ነው። ከወደሙት መካከል በኒው ዮርክ ልብስ ሰፊ የነበረው የቶማስ ጄኒንግስ ጽሑፍ ይገኝበታል። ጄኒንግስ ነጻ ሆኖ የተወለደ ጥቁር ሰው ሲሆን፣ በ1821 ልብስን በደረቁ የማጽዳት ዘዴ ፓተንት አወጣ፤ ፓተንት እንዳገኘ የሚታወቅ የመጀመሪያው አፍሪካ አሜሪካዊም እርሱ ነው። ካገኘው ገቢ ቤተሰቡን ከባርነት ለማውጣትና ባርነትን ለሚታገሉ ሰዎች ሥራ አውሎታል። ዘዴው ምን እንደነበር ግን ዛሬ ማንም በዝርዝር አያውቅም። ኮፒ አስቀምጡ የሚለውን ምክር ለዘመናችሁ ወጣቶች መድገም አያስፈልገኝም፣ እናንተ ከእኛ ትሻላላችሁ።

ከዚህ ታሪክ ውስጥ ሁልጊዜ የሚከብደኝ የኔድ ነው። በሚሲሲፒ በባርነት ተይዞ የነበረው ይህ አንጥረኛ ለጥጥ እርሻ የሚሆን አዲስ መሣሪያ ሠራ። ጌታው ኦስካር ስቱዋርት በ1857 ለመንግሥት ጽፎ፣ የባሪያው የእጁም የአእምሮውም ፍሬ የእኔ ነውና ፓተንቱ ለእኔ ይሰጠኝ አለ። ሕጉ አመልካቹ የመጀመሪያው ፈጣሪ እኔ ነኝ ብሎ እንዲምል ያስገድዳል፤ ጌታው ፈጣሪ አይደለም፣ ኔድ ደግሞ ዜጋ አይደለም ተባለ። በ1858 ጠቅላይ ዐቃቤ ሕጉ ጄረማያ ብላክ፣ በባርነት ያለ ሰው የፈጠረው ነገር ለእርሱም ለጌታውም ፓተንት ሊያስገኝ አይችልም ብለው ወሰኑ። መሣሪያው ከዚያ በኋላም ገበያ ላይ ውሏል፤ የኔድ ስም ግን የሚታወቀው ጌታው በጻፋቸው ደብዳቤዎች ነው። ፓተንት ለሁሉም እኩል የተከፈተ በር ነበር ብለው ለሚጽፉ ሰዎች ይህን ጉዳይ እንዲያነቡ እመክራቸዋለሁ።

በወረቀት ያሸነፉም አሉ። ማርጋሬት ናይት ጠፍጣፋ መቀመጫ ያለው የወረቀት ከረጢት የሚሠራ ማሽን ስታበጅ፣ ሥራውን ያየ አንድ ሰው ቀድሟት አመለከተ። እርሷ ሥዕሎቿን፣ የማስታወሻ ጽሑፎቿንና ሲሠራ ያዩትን ሰዎች አቅርባ ተከራከረችው፤ ፓተንቱም በ1871 ለእርሷ ተሰጠ። ጎርደን ጉልድ ደግሞ የኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሳለ፣ በኖቬምበር 1957 የሌዘርን አሠራር በደብተሩ ጽፎ፣ ኖታሪ፣ ማለትም ሰነድ የማረጋገጥ ሥልጣን ያለው፣ በሆነ የከረሜላ ሱቅ ባለቤት ዘንድ አስፈረመበት። ይሁንና ፓተንት ለመጠየቅ መሣሪያው ተሠርቶ ማለቅ አለበት የሚል የተሳሳተ እምነት ስለነበረው እስከ ኤፕሪል 1959 ዘገየ፤ ቻርልስ ታውንስና አርተር ሻውሎ በ1958 ቀድመውት አመለከቱ። በአሜሪካ የመጀመሪያውን ዋና የሌዘር ፓተንት ያገኘው ከረጅም ክርክር በኋላ በ1977 ነው። እርግጥ ነው፣ በዚያን ጊዜ ሌዘር በየፋብሪካው ገብቶ ስለነበር መዘግየቱ ራሱ ብዙ ገንዘብ አስገኝቶለታል፤ እኔ ግን የእርሱን መንገድ ለማንም አልመክርም።

የዛሬ ወጣቶች ገና ያልበሰለውን ነገር ለጭብጨባ ብላችሁ ቶሎ ታወጡታላችሁ። ስለዚህ ዝም ብላችሁ ሥሩ ልላችሁ እፈልጋለሁ። ሆኖም ከሰው ጋር ሳይመከርበት የበሰለ ፈጠራ እምብዛም አላየሁም፤ አስተማሪውን እንኳ የሚጠራጠር ተማሪም ሩቅ አይሄድም። ለምታምኑት አሳዩ፤ ለገበያና ለሕዝብ ግን ማመልከቻው ይቅደም።

በእኔ ዘመን በአሜሪካ ክርክሩ ማን ቀድሞ ፈጠረ የሚል ስለነበር፣ ቀን ያለው ደብተር ትልቅ ማስረጃ ነበር። ከማርች 16 ቀን 2013 ወዲህ ግን መሠረቱ ማን ቀድሞ አመለከተ ሆኗል። ደብተሩ አሁንም ፈጠራው ከማን እንደመነጨ ለማሳየት ስለሚጠቅም አትተዉት፤ ቀኑንም በሁለቱም አቆጣጠር ጻፉበት። ከጁን 1995 ጀምሮ ደግሞ ጊዜያዊ ማመልከቻ የሚባል አለ፤ ክፍያው ከሙሉው ያነሰ ነው፣ የመብቱን ወሰን የሚዘረዝረውን አስቸጋሪ ክፍል አይጠይቅም፣ የማመልከቻ ቀናችሁን ይይዝላችሁና ሙሉውን ለማስገባት 12 ወር ይሰጣችኋል። ጽሑፉ ግን የተሟላ ይሁን፤ ያልተጻፈው ነገር ቀኑን አያገኝም። ገቢያቸው ዝቅተኛ ለሆነ ፈጣሪዎችም በነጻ ከሚያገለግሉ ጠበቆች ጋር የሚያገናኝ ፕሮግራም አለና መሥሪያ ቤቱን ጠይቁ። ጊዜያዊው ማመልከቻ በእንግሊዝኛ መጻፍ እንኳ የለበትም። በአማርኛ አስገብታችሁ፣ በቀኑ ለመጠቀም ሙሉውን ስታስገቡ ትርጉሙን ማቅረብ ትችላላችሁ።