ድብዳብ አትጨምር፣ ላቡን እይ

«ፈረሴ ኮርቻ ሲያይ ጆሮውን ወደ ኋላ ይለጥፋል፣ ሊነክሰኝም ይዞራል። ከኮርቻው ሥር የሚነጠፈውን ድብዳብ ልደርብለት?» ብለህ ለጠየቅከው ወንድሜ። አቦ አትደርብ! እኔ ደርቤ አይቼዋለሁ።

ያደግኩት ድሬ፣ ከጋሪ ፈረስ ጋር ነው። ስለ ኮርቻ ግን ምንም አላውቅም ነበር። ሐረር ስገባ አንድ ዳማ ፈረስ ገዛሁና አሮጌ ኮርቻ አገኘሁለት። ጠበበው። ብርድ ልብስ አጥፌ ከሥሩ ከተትኩ። ለካ በጠበበ ጫማ ወፍራም ካልሲ ማድረግ ነው! በሦስተኛው ሳምንት ጫንቃው፣ ከአንገቱ ሥር ያለው የጀርባው ጉብታ፣ ተገጠበ። ሁለት ወር ሙሉ ሳልወጣበት ቀለብኩት። ቁስሉ ሲድን ቦታው ላይ ነጭ ፀጉር በቀለ፣ እስካሁን አለ። ፈረስ ስትገዛ ጀርባው ላይ እንዲህ ያለ ነጭ ነጥብ ካየህ ጠርጥር፤ ብዙ ጊዜ የድሮ ኮርቻ ሥራ ነው። ደላላው ግን «ሲፈጠር ጀምሮ ነው» ይልሃል።

አሁን ኮርቻውን ያለ ድብዳብ በባዶ ጀርባው ላይ አስቀምጥ። የፊቱ ቅስትና የጫንቃው አጥንት መሀል ሁለት ሦስት ጣት ይግባ። ከዚያ ሰው ይውጣበትና እንደገና ለካ። ባዶውን ልክ የነበረ ኮርቻ ሰው ሲቀመጥበት ቁጭ ይላል። የኮርቻው እንጨት ግራና ቀኝ እኩል ይረፍ፣ አከርካሪውን ግን ጨርሶ አይንካ። ከፊት የትከሻውን አጥንት አይጫን፣ ከኋላ ከመጨረሻው ጎድን አይለፍ።

እኔ ከሁሉም በላይ የማምነው ላብን ነው። ግማሽ ሰዓት ያህል ጋልበህ ኮርቻውን አንሳ። ዙሪያው ረጥቦ መሀሉ ላይ የመዳፍ ያህል ደረቅ ቦታ ካየህ፣ የሚጫነው እዚያ ጋ ነው። በአከርካሪው ላይ ያለው መስመር ቢደርቅ ግን አትደንግጥ፣ እሱማ አየር ስለሚያገኝ ነው። በድሬ ሙቀት ይህን ለማየት ግማሽ ሰዓትም አይፈጅብህ።

የሆዱን ጠፍር በአንዴ ጥርቅም አድርገህ አትሰር። ተንኮለኛ ፈረስ ሆዱን ይነፋብሃል፤ ትንሽ አራምደህ እንደገና አጥብቅ። በናይለን ገመድ የሚያስሩ አሉ፣ ቆዳ ይልጣል። እንደ ደንገጎ ባለ ቁልቁለት ኮርቻው ወደ ትከሻው ይንሸራተታል፤ ለዚያ መላው ከጭራው ሥር የሚያልፍ ጠፍር ነው እንጂ ሆዱን ማነቅ አይደለም። ድብዳቡን ደግሞ እጠበው። የላብ ጨው ሲደርቅበት እንደ እንጨት ይሆናል።

ልጓሙም ይታይ፣ አንዳንዱ ፈረስ የሚናከሰው አፉን እያመመው ነው።

ፈረስ ይወፍራል፣ ይከሳል። ክረምት ሣር ጠግቦ ልክ የሆነለት ኮርቻ የካቲት ላይ ሊወላለቅበት ይችላል፤ ያኔ እንደገና ለካ። አሁን የቆሰለ ቦታ ካለው ግን ኮርቻ የሚባል አታሳየው፤ ሐረማያ ዩኒቨርሲቲ የእንስሳት ሐኪሞች አሉ፣ ጠይቃቸው። ካልቆሰለ ነገ ጋልበህ የጀርባውን ላብ ከላይም ከጎንም ፎቶ አንሳና ላክልኝ።