«እሷ በ21 ዓመቷ ከንቲባ ሆነች፤ እኔ 24 ሞላኝ»

ከደቡብ ሕንድ የደረሰኝ ደብዳቤ ባጭሩ እንዲህ ይላል። ጸሐፊዋ ኢትዮጵያዊት ናት፤ 24 ዓመቷ ነው። በኬረላ ግዛት ዋና ከተማ በቲሩቫናንታፑራም የሕዝብ አስተዳደር ማስተርሷን እየተማረች ነው፤ አንድ ሴሚስተር ይቀራታል። ወጪዋን የሚሸፍነው ዱባይ የሚሠራው ወንድሟ ነው። አባቷ ተመልሳ ባንክ እንድትገባ ይፈልጋሉ። እሷ ግን የዚያችን ከተማ የቀድሞ ከንቲባ የአርያ ራጄንድራንን ታሪክ ካነበበች ወዲህ ልቧ ተነሥቷል። «እሷ በ21 ዓመቷ ከንቲባ ሆነች፤ እኔ 24 ሞላኝ፣ ገና ተማሪ ነኝ። ዘግይቻለሁ። ትምህርቱን ትቼ አገሬ ልግባና ፓርቲ ልቀላቀል ወይስ አባቴን ልስማ?» ትላለች። ስለ ዓይናፋርነቷና ስለ ዲግሪዋም ጠይቃለች።

እህቴ፣ ከአንቺ በፊት የመጡ ደብዳቤዎች ነበሩ። ያንቺን ያስቀደምኩት ነገሩ ስለሚነካኝ ነው። ወደ ማማከር ከመምጣቴ በፊት በአንድ የክልል ከተማ ማዘጋጃ ቤት ዓመታት ሠርቻለሁ። ስንት ከንቲባ ተቀብዬ ስንቱን ሸኝቻለሁ። ስለዚህ ወንበሩን ያየሁት ከጎን ሆኜ ነው።

መጀመሪያ ያነበብሽውን ታሪክ እንደገና እናንብበው። (ዓመተ ምሕረቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) አርያ በዲሴምበር 2020 ለከተማዋ ምክር ቤት ስትመረጥ የሒሳብ ትምህርት ተማሪ ነበረች፤ የመጀመሪያ ዲግሪዋን ገና አልጨረሰችም። አባቷ ኤሌክትሪሺያን፣ እናቷ የመድን ሽያጭ ወኪል። ዜናው ይህን ይዞ ሮጠ፤ የኤሌክትሪሺያን ልጅ፣ በሕንድ በዕድሜ ትንሿ ከንቲባ ተባለ። እውነት ነው። ግን ዜናው ጥድፊያ ላይ ስለነበር የጣለው ነገር አለ።

ልጅቷ ከሜዳ አልመጣችም። ፓርቲዋ፣ የሕንድ ማርክሲስት ኮሚኒስት ፓርቲ፣ ባላሳንጋም የሚባል የልጆች ድርጅት አለው። እሷ የዚያ ድርጅት የግዛቱ ፕሬዚዳንት ነበረች። በፓርቲው የተማሪዎች ፌዴሬሽንም ውስጥ ነበረች። ሌላም አለ። በኬረላ የአካባቢ ምክር ቤቶች ግማሹ መቀመጫ ለሴቶች የተጠበቀ ነው፤ የከንቲባነቱም ወንበር ተራ እየጠበቀ ለሴት ይደርሳል። በ2020 የቲሩቫናንታፑራም ተራ ነበር። ፓርቲው ለወንበሩ ካሰባቸው አንጋፋ ሴቶች አንዳንዶቹ ደግሞ በየዋርዳቸው (በየምርጫ ቀጠናቸው) ተሸነፉ። ምክር ቤቱ 100 መቀመጫ ነበረው፤ ከግማሽ በላዩን የያዘው ፓርቲው የሚመራው የግራ ግንባር ነው። ከንቲባ የሚመርጠው ምክር ቤቱ እንጂ ሕዝቡ በቀጥታ አይደለም። ሕዝቡ እሷን የመረጣት ሙዳቫንሙጋል ለሚባል አንድ ዋርድ ነው። ከንቲባ ያደረጋት ፓርቲው ነው።

የልጅቷን ጉብዝና እየካድኩ እንዳይመስልሽ። ዕድሉ ሲመጣ ቆማ የምትገኝበት ቦታ ላይ ነበረች፤ ያም ቀላል አይደለም። ግን አንቺ ራስሽን ያወዳደርሽው ከ21 ዓመቷ ጋር ብቻ ነው። ከዚያ በፊት በስብሰባ፣ በሰልፍና በፖስተር ያለፈውን ዕድሜዋን አልቆጠርሽውም። አንቺ እኮ ሰልፉ ላይ አልነበርሽም። ያልተሰለፈ ሰው ዘገየሁ አይልም።

አንድ ነገር ልንገርሽ፣ እንዳይከፋሽ። ደብዳቤሽ ውስጥ «ከንቲባ» የሚለው በየመስመሩ አለ። «ፓርቲ» ግን አንዴ ብቻ ነው ያለው፤ የትኛው እንደሆነ፣ ለምን እንደሆነ የሚል ቃል የለም። የዚያችን ከተማ የቀድሞ ከንቲባዎች ተመልከቺ። ሲቫንኩቲ ከንቲባ ነበሩ፤ በኋላ የኬረላ የትምህርት ሚኒስትር ሆኑ። ፕራሳንት ከንቲባ ነበሩ፤ በ2019 ከዚያው ወንበር ተነሥተው የግዛቱ ምክር ቤት አባል ሆኑ። የሁሉም እንጀራ ፓርቲው ነው። ከንቲባነት በመሃል የሚይዙት ሹመት ነው፤ ፓርቲው ሲፈልግ ይሰጣል፣ ሲፈልግ ሌላ ቦታ ያዛውራል። ይህን ሕይወት ከፈለግሽ ነውር የለበትም። ነገር ግን ለብዙ ዓመት ያለ ደሞዝ መሮጥ፣ ያላመንሽበትን ውሳኔ አደባባይ ወጥቶ መከላከል፣ ሌላ ሰው ሲሾም ማጨብጨብ አለበት። ይህን ሁሉ አስበሽው ነው? ከደብዳቤሽ እንደገባኝ አላሰብሽውም። የወደድሽው ከተማ መምራትን ነው።

እሱን ከሆነ የወደድሽው፣ ከንቲባው በእርግጥ ምን ያህል እንደሚመራ እንይ። በሕንድ ትልልቅ ከተሞች የከንቲባ ነገር ያስቃል፣ ያሳዝናልም። በሙምባይ የአስፈጻሚነቱ ሥልጣን ያለው ግዛቱ በሚሾመው ኮሚሽነር እጅ ነው፤ እሱም የመንግሥት የአስተዳደር አገልግሎት ሹም ነው። የዴልሂ ከንቲባ ዘመን አንድ ዓመት ነው፤ የቢሮውን ቁልፍ ሳይለምድ ያስረክባል። ኬረላ የተሻለ ነው። ዘመኑ አምስት ዓመት ነው። ከ1996ቱ የሕዝብ ዕቅድ ዘመቻ ወዲህ ደግሞ ግዛቱ ከልማት በጀቱ ከ35 እስከ 40 በመቶውን ለአካባቢ መስተዳድሮች ለማውረድ ወሰነ። እንዲያም ሆኖ የማዘጋጃ ቤቱ ጸሐፊ፣ ማለትም የአስተዳደር ሥራው ኃላፊ፣ የሚመደበው ከግዛቱ ነው።

አንቺ ባለሽበት ከተማ በጁላይ 2024 የሆነውን ሰምተሻል፤ ምናልባትም እዚያው ነበርሽ። አማይዣንቻን የሚባለው ቦይ ከተማውን አቋርጦ በባቡር ጣቢያው ሥር ያልፋል። በቆሻሻ ታፍኖ ነበር። ዝናብ ሲመጣ ከጣቢያው ሥር ቆሻሻ ሊያወጣ የገባ የቀን ሠራተኛ ጎርፉ ወሰደው። አስከሬኑ የተገኘው ከሁለት ቀን ፍለጋ በኋላ ነው። ወዲያው ጣት መቀሳሰር መጣ። የባቡር መሥሪያ ቤቱ ቆሻሻው ከከተማ የመጣ ነው አለ። ማዘጋጃ ቤቱ በጣቢያው ሥር ያለው ክፍል የባቡሩ ነው አለ። ቦዩ ራሱ ደግሞ የመስኖ መሥሪያ ቤቱ ነው። ጉዳዩ የኬረላ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ደረሰ። ከንቲባዋ በካሜራ ፊት አለቀሰች።

ያንን ለቅሶ ብዙ ሰው ተሳለቀበት። እኔ ገባኝ። ጥፋቱ ሁሉ ስምሽ ላይ ይለጠፋል፤ ቁልፉ ግን ሦስት ቢሮ ውስጥ ተከፋፍሎ ተቀምጧል። ከተማ ማለት በአብዛኛው ይሄ ነው። የዚያች ከተማ የቆሻሻ ጣጣ ደግሞ አርያ ሳትመጣ የጀመረ ነው። ቪላፒልሳላ የነበረውን የቆሻሻ ማጣሪያ የአካባቢው ሕዝብ ሸተተን፣ ውኃችን ተበከለ ብሎ በ2011 አዘጋው። ከዚያ በኋላ ከተማዋ ትልቅ መጣያ ሳይኖራት እርጥቡን በየቤቱና በየሰፈሩ ወደ ማዳበሪያ መቀየር፣ ፕላስቲኩን ሀሪታ ካርማ ሴና የሚባሉት ሴቶች በር በር እየዞሩ በክፍያ እንዲሰበስቡ ማድረግ ጀመረች። በዚህ ሁሉ ዓመት ከንቲባ ተቀያይሯል። የትኛው ሰፈር እንደማይከፍል፣ የትኛው ቦይ ላይ ማታ ማታ ቆሻሻ እንደሚደፋ የሚያውቁት ግን የጤና ኢንስፔክተሮቹና እነዚያ ሴቶች ናቸው።

ከዚያስ አርያ ምን ሆነች? በዲሴምበር 2025 ምርጫ አልተወዳደረችም። ፓርቲዋም ለአሥርት ዓመታት ይዞት የኖረውን ከተማ አጣ፤ ከንቲባነቱ ቢጄፒ ወደሚባለው የሂንዱ ብሔርተኛ ፓርቲ ሄደ። በ26 ዓመቷ «የቀድሞ ከንቲባ» ተባለች። እሷ የምትመለስበት ፓርቲ አላት። አንቺ ግን ማስተርስሽን አቋርጠሽ ገብተሽ ወንበሩ ባይመጣ፣ ወይም መጥቶ ቢሄድ፣ ሰኞ ጠዋት ወዴት ነው የምትሄጂው?

ስለዚህ የእኔ መልስ ትምህርቱን ጨርሺ ነው። በዚህ ላይ አልደራደርም። የቀረሽን ሴሚስተር ደግሞ በከንቲባ ታሪክ አትጨርሺው። እግርሽ ሥር ያለው ሀብት የገንዘቡ ነገር ነው። ያ ከ35 እስከ 40 በመቶ የተባለው በጀት ከግዛቱ ወጥቶ እንዴት አንድ ዋርድ እንደሚደርስ፣ ነዋሪው በዋርዱ ስብሰባ ላይ የጠየቀው የትኛው ዕቅድ ውስጥ ገብቶ የትኛው እንደወደቀ፣ የቤት ግብሩ እንዴት እንደሚሰበሰብ ተከታተዪ። የመመረቂያ ጽሑፍሽን እዚያ ላይ አድርጊው። አማካሪ መምህርሽ ደብዳቤ ይጻፉልሽና ማዘጋጃ ቤቱ ገቢ ክፍል ሄደሽ ተቀመጪ። ሰልቺ ነው፤ ልመጂው።

አገር ስትገቢ ደግሞ የከተማ ገቢዎች፣ ፕላን፣ ውኃና ፍሳሽ ወይም የሥራ አስኪያጅ ቢሮ ሞክሪ። እኔ የጀመርኩት በጣራና ግድግዳ ግብር መዝገብ ነው። እንደዚያ መዝገብ ከተማን ገልጦ የሚያሳይ ነገር እስካሁን አላየሁም፤ ማን ምን እንዳለው፣ ማን እንደሚከፍል፣ ማን ስልክ አስደውሎ እንደሚቀርለት ሁሉ እዚያ ላይ አለ። ደሞዙ ትንሽ ነው። አልሸፋፍንልሽም። ግን ከንቲባ ሲቀየር ማንም ያንን ዕውቀት ከአንቺ አይቀማሽም። አዲሱም መጥቶ የመጀመሪያውን ጥያቄ የሚጠይቀው እዚያ ወንበር ላይ ያለውን ሰው ነው። በነገራችን ላይ አዲስ አበባም ብትሆን ከንቲባዋን የሚመርጠው ምክር ቤቱ ነው። ስለዚህ አገሬ ላይ ሕዝቡ ፊት ቆሜ ልወዳደር ብለሽ የሣልሽው ሥዕል ካለ አሁኑኑ አስተካክዪው።

አሁን ወደ አባትሽ። ፖለቲካን መፍራታቸው አይፈረድባቸውም። በእሳቸው ዕድሜ ካለ ኢትዮጵያዊ ፖለቲካ ሰው ያልቀማው ብርቅ ነው። ባንኩ ግን ሌላ ጉዳይ ነው። ባንክ ግቢ የሚሉሽ የባንክ ሠራተኛ በትንሽ ወለድ የቤት ብድር ስለሚያገኝ ነው፤ ቤቱን የሚያስቡት ደግሞ ለአንቺ ብቻ አይመስለኝም። ይህን ፊት ለፊት ጠይቂያቸው። ወንድምሽንም በጥቅሉ «ውለታህን እመልሳለሁ» ከምትዪው ቁጭ ብላችሁ ተነጋገሩ። ምን ያህል፣ ከመቼ ጀምሮ፣ በወር ስንት? እሱ በዱባይ ሙቀት የላከውን ብር አስልቶ መጠየቅ መብቱ ነው። የሥራ መስክ መምረጥ ግን በዚያ ሒሳብ ውስጥ የለም። አንቺም «ገንዘብ ለእኔ ምንም አይደለም» ብለሽ የጻፍሽውን አንሺው። ገንዘብ ምንም የማይሆነው ሌላ ሰው ሲልከው ነው።

አባት ልጁን ወደ ደህና ደሞዝ ሲገፋ አዲስ አይደለም። የሕንዱ የነጻነት ታጋይ የሱባስ ቻንድራ ቦስ አባት ልጃቸውን ወደ እንግሊዝ የላኩት የእንግሊዞቹን የሕንድ ሲቪል ሰርቪስ ፈተና እንዲወስድ ነው። በ1920 አራተኛ ወጥቶ አለፈ፤ በ1921 ለቀቀ። በ1924 ቺታራንጃን ዳስ የካልካታ ከንቲባ ሲሆኑ ቦስ የማዘጋጃ ቤቱ ዋና ሥራ አስፈጻሚ ሆነ። በ1930 ደግሞ ራሱ ከንቲባ ሆነ። ቅደም ተከተሉን ልብ በዪው፤ መጀመሪያ ሥራ አስፈጻሚነቱ፣ ከዚያ ከንቲባነቱ። በእርግጥ በመሃል ብዙውን ጊዜ እስር ቤት ስለነበር ነገሩን ብዙ ልገፋበት አልችልም።

ስለ ዓይናፋርነትሽ፦ ገቢ ክፍል ውስጥ ግብር አልከፍልም ብሎ የሚጮህ ነጋዴ በየቀኑ አለ። ስድስት ወር አይፈጅብሽም።

ስለ ዲግሪሽ፦ የውጤት ዝርዝርሽንና ጊዜያዊ ሰርተፊኬትሽን ይዘሽ፣ እዚያው የሚረጋገጠውን ሁሉ አረጋግጠሽ ውጪ። ለትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣን የአቻ ግምት ስታቀርቢ ይጠየቃል። አዲስ አበባ ሆነሽ የሕንድ ሬጅስትራርን በኢሜይል ማሳደድ ምን እንደሚመስል ከአንቺ በፊት የተመለሱትን ጠይቂ።