ምሰሶ፣ ገመድና ቧንቧ በግል ይዞታ ላይ፦ ጥያቄና መልስ

በመሀል አዲስ አበባ መንገዱም መስመሩም እንደ አዲስ እየተሠራ ስለሆነ፣ አጥራቸው ሥር ከተቆፈረባቸውና ግቢያቸው ውስጥ ምሰሶ ከተተከለባቸው ነዋሪዎች ብዙ ጥያቄ ይደርሰኛል። ከሚደጋገሙት ጥቂቱን ከዚህ በታች እመልሳለሁ።

ጥያቄ (ከፒያሳ)፦ መሬቱ የመንግሥት ከሆነ፣ ግቢዬ ውስጥ ምሰሶ ሲተከል የምከራከርበት መብት አለኝ?

መልስ፦ አለዎት። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሬትን የመንግሥትና የሕዝብ ቢያደርግም፣ በንዑስ አንቀጽ 7 በጉልበትዎ ወይም በገንዘብዎ በመሬቱ ላይ ለሠሩት ቋሚ ንብረት ሙሉ መብት ይሰጥዎታል፤ በንዑስ አንቀጽ 8 ደግሞ መንግሥት ለሕዝብ ጥቅም የግል ንብረት የሚወስደው ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ ከፍሎ እንደሆነ ይደነግጋል። ስለዚህ አጥር ሲፈርስ ከሠራተኞች አፍ የሚሰማው «መሬቱ የመንግሥት ነው» የሚለው አባባል እውነትነት ቢኖረውም፣ የግንቡን፣ የበሩንና የዛፉን ጥያቄ አይመልስም።

ጥያቄ (ከካዛንችስ)፦ ታዲያ ሁልጊዜ ካሳ ይከፈላል?

መልስ፦ ለዚህ በቅድሚያ ይዞታው ተወሰደ ወይስ መስመሩ አልፎበት ብቻ ሄደ የሚለውን መለየት ያስፈልጋል፤ ብዙ ሰው የሚሳሳተውም እዚህ ላይ ነው። ከይዞታዎ ተቆርሶ ለሕዝብ ጥቅም የሚወሰድ ከሆነ ጉዳዩ የሚታየው በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 እና በማሻሻያው ሲሆን፣ የአቤቱታው ጊዜ አጭር ስለሆነ ማስታወቂያው የደረሰዎትን ቀን ወዲያውኑ መዝግበው ይያዙ። መስመሩ የሚያልፍ ብቻ ከሆነ ግን፣ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ባለይዞታው የውሃና የኤሌክትሪክ መስመር በመሬቱ እንዲያልፍ የመፍቀድ ግዴታ ቢጥልበትም፣ ካሳ የማግኘትና ሥራው ጉዳቱ በሚያንስበት መንገድ እንዲከናወን የመጠየቅ መብት ይሰጠዋል። ስለዚህ «አላስገባም» ከማለት ይልቅ «በግቢው መሀል ሳይሆን በአጥሩ ጥግ ይለፍ» ብሎ በጽሑፍ መጠየቅ በእኔ እምነት የተሻለ ውጤት አለው።

ጥያቄ፦ ትራንስፎርመሩ ከመኝታ ቤታችን ግድግዳ አጠገብ ነው፤ ዘይቱም በግንቡ ላይ ይንጠባጠባል። ምን እናድርግ?

መልስ፦ በቅድሚያ ለአደጋው፦ ልጆችን ያርቁ፣ ዘይቱን በእጅ አይንኩ፣ ለኤሌክትሪክ አገልግሎቱ ወዲያውኑ ያስታውቁ። ቀጥሎ ለማስረጃው፦ ዘይቱ ያጠቆረውን ግድግዳና ከትራንስፎርመሩ እስከ መስኮቱ ያለውን ርቀት፣ ሜትሩ ተዘርግቶ ቁጥሩ እንዲነበብ አድርገው ፎቶ ያንሱ። የማዛወር ጥያቄውን በሁለት ቅጂ ጽፈው አንዱን በመዝገብ ቤት ማኅተም አስመትተው ይመለሱ። በቃል የቀረበ አቤቱታ ሠራተኛው ሲቀየር አብሮት ይጠፋልና።

ጥያቄ፦ የሰፈሩ ሰው ገመዱን በራሳችን እንቁረጠው ይላል።

መልስ፦ በፍጹም አይሞክሩት፤ ከሞት አደጋው ሌላ በወንጀል ያስጠይቃል። በይዞታዎ ላይ የሚደርሰው ሁከት (ይዞታዎን በሰላም እንዳይጠቀሙበት የሚያደርግ ጣልቃ ገብነት) እንዲወገድ በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1149 መሠረት ክስ ማቅረብ ይችላሉ፤ መብቱ ግን ሁከቱ ከተፈጸመበት ቀን ጀምሮ በሁለት ዓመት ውስጥ ካልተሠራበት ይቀራል። «ነገ ያነሱታል» እየተባለ ጊዜው ሲያልፍ አይቻለሁ።

ጥያቄ (ከአራት ኪሎ)፦ የቴሌኮም ድርጅት በኮንዶሚኒየማችን ጣሪያ ላይ አንቴና ለመትከል ከአንድ የኮሚቴ አባል ጋር ተስማምቷል። ይህ ያስኬዳል?

መልስ፦ አያስኬድም። ጣሪያው የጋራ ሀብት ስለሆነ ውሉ በማኅበሩ ስም፣ በመተዳደሪያ ደንቡ ሥልጣን ባለው አካል መፈረም አለበት። ይህ የኪራይ ውል እንጂ የካሳ ጉዳይ አይደለም፤ ስለዚህ ዋጋውን፣ የጣሪያውን ፍሳሽ ማን እንደሚጠግን፣ የመብራቱን ሂሳብ ማን እንደሚከፍልና ውሉ ሲያልቅ ማን እንደሚነቅለው አስቀድመው ያስገቡ። የጣሪያው ፍሳሽ በብዛት የሚዘነጋ አንቀጽ ነው።

ጥያቄ፦ የቀበሌ ቤት ተከራይ ነኝ፤ እኔስ?

መልስ፦ የመሬቱና የቤቱ ክርክር የአከራዩ ነው። በራስዎ ዕቃ ላይ የደረሰ ጉዳት ካለ ግን እርስዎ ራስዎ ሊጠይቁ ይችላሉ፤ ለዚህም የኪራይ ውልዎንና ደረሰኝዎን ይያዙ።