የምንጃሩ በረት፦ መጀመሪያ ሲሚንቶውን አንሱለት

አንዲት እህት ከፎቶ ጋር የላከችልኝ ጥያቄ ባጭሩ ይሄ ነው። ምንጃር ውስጥ አያቷ የሰሩት አሮጌ በረት አለ። ግማሹ የከብት ማደሪያ፣ ግማሹ የእህል ቤት ነው። ደጁ ላይ አንድ ጎተራ ቆሟል። የሳር ክዳኑ ድሮ ተነስቶ ቆርቆሮ ለብሷል። ከሶስት ዓመት በፊት ደግሞ «ይጠንክር» ተብሎ የጭቃ ግድግዳው በሲሚንቶ ተለሰነ። አሁን ልስኑ ተነፍቶ እየተገመሰ ይወድቃል፣ ከስር ያሉት ቋሚዎችም በጣት ይፈረፈራሉ። ወንድሟ «አፍርሰን በብሎኬት እንስራ» ይላል፤ እሷ ግን አልቆርጥ ብሏታል። «ጋሼ፣ ይድናል ወይ?» ትለኛለች።

ይድናል እህቴ። ግን ግድግዳውን ከመንካትሽ በፊት ጣራውንና መሬቱን እንይ፣ በሽታው የመጣው ከዚያ ነው።

የሳር ክዳን አፉ ረጅም ነው። ከግድግዳው ርቆ ወደ ታች ስለሚወርድ ዝናቡ የግድግዳውን እግር አያገኘውም። ቆርቆሮ ሲመጣ ግን ሰው በቅጠል ቁጥር ይቆጥባልና ግድግዳው ጫፍ ላይ ሲደርስ ያቆመዋል። ከዚያ ክረምቱን ሙሉ ውሃው እዚያው ስር እየወደቀ ጭቃውን ይረጨዋል። ያንቺም ፎቶ ላይ የሚታየው ይሄው ነው፣ ጉዳቱ ከጉልበት በታች ብቻ ነው፣ ከላይ ግድግዳው ደህና ነው። ሲሚንቶው የመጣው ይህን ለመከላከል ነበር፣ ግን ነገሩን አባሰው። ጭቃ ይረጥባል፣ ይደርቃል፣ ያብጣል፣ ይሸበሸባል። ሲሚንቶ ድርቅ ያለ ነገር ነው፣ አብሮት አይሄድም፤ ስለዚህ ይሰነጠቃል። ውሃው በስንጥቁ ይገባና መውጫ ያጣል። ውስጥ ያለው እንጨት ደግሞ እንደራሰ ይቀመጣል። እርጥበቱ ከ20 በመቶ በታች የሆነ እንጨት አይበሰብስም። በሲሚንቶ ታፍኖ ግን መቼም እዚያ አይደርስም።

ሌላም ነገር አለ። ድሮ እረኛ በረት ውስጥ ያድር ነበር፣ እሳት ይነድ ነበር። ጢሱ ጣራውን ጥቀርሻ እያለበሰ ነፍሳትን ያርቃል። እሳቱ ሲቀር ብል ገባ። ከብትና ሰው አንድ ጣራ ስር ማደራቸው ብዙ ቦታ የነበረ ነው፣ ላሊበላ ያሉትን ባለ ሁለት ፎቅ ክብ የድንጋይ ቤቶች ካየሽ ታች ከብቱ፣ ላይ ሰው ነበር የሚኖረው፤ የከብቱ ሙቀት ለላይኛው ይተርፍ ነበር። ያንን የሰራ ሰው ሞኝ አልነበረም።

ወንድምሽን አንድ ነገር በዪልኝ። ቋሚዎቹን በካራ ፋቅ አድርጎ ያሽትት። ቀላ ያለና የሚሸት ከሆነ ጽድ ነው። ከባድና ቢላ የማያስገባ ከሆነ ወይራ ሊሆን ይችላል። ባህር ዛፍ አገራችን የገባው በአጼ ምኒልክ ጊዜ፣ በእኛ አቆጣጠር በ1880ዎቹ ነው፣ ከዚያ በኋላ የተሰራው አብዛኛው ቤት በሱ ነው የቆመው። ቶሎ ይደርሳል፣ ቀጥ ያለ ነው፣ ርካሽ ነው፤ ለጋውን አፈር ውስጥ ከቀበርሽው ግን ምስጥ ጊዜ አይሰጠውም። የጽድ ውስጡን ምስጥ እምብዛም አይደፍረውም። ያን የመሰለ ውፍረት ያለው ጽድ ዛሬ ብር ይዘሽ ብትወጪም በቀላሉ አታገኚም። አፍርሳችሁ ለማገዶ ልትሸጡት ነው?

እሺ፣ ወደ ስራው። ጥቅምት ከገባ በኋላ ጀምሩ፣ ዝናቡ ይውጣ። ሲሚንቶውን በመዶሻ እጀታ ቀስ እያልሽ አንኳኪ። ክፍት ድምፅ የሚሰጠው ለቋል፣ እሱን ቅረፊው። የያዘውን በግድ አትገንጥዪው፣ ጭቃውን ይዞ ይወርዳል፤ በሚቀጥለው ዓመት ራሱ ይለቃል። ከዚያ ከእያንዳንዱ ቋሚ ስር 30 ሳንቲም ያህል ቆፍሪና ካቻቪቴ ውጊ። አንድ ሳንቲም ሳይገባ እምቢ ካለ እንጨቱ ደህና ነው። እስከ እጀታው ከገባ አልቆለታል። ወደ ላይ እየወጋሽ ጤነኛው የሚጀምርበትን ቦታ በከሰል ምልክት አድርጊ። ብዙ ጊዜ የበሰበሰው ከመሬት በላይ አንድ ስንዝር እንኳ አይሆንም፣ ሰው ግን ሙሉውን ቋሚ ነቅሎ ይጥላል።

ቋሚውን ስትቆርጡ ከላይ ያለውን አግዳሚ ግራና ቀኝ ደግፉት። የመኪና ክሪክም ይሰራል፣ ከስሩ ወፍራም ጣውላ ይነጠፍ። አንዱ ሳያልቅ ጎረቤቱን አትንኩ። የበሰበሰው አጭር ከሆነ ቆርጣችሁ ከመሬት 20 ሳንቲም ከፍ ባለ ጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ አስቀምጡት። ረዘም ያለ ከሆነ በጽድ ቀጥሉት። ሁለቱም ጫፍ ግማሽ ግማሹ ይቆረጥና ይተቃቀፋል። የተቃቀፈበት ርዝመት የቋሚውን ውፍረት ሶስት አራት እጥፍ ይሁን፣ 12 ሳንቲም ለሆነ ቋሚ 40 ሳንቲም ማለት ነው፣ ከዚያ በሁለት ቡሎን ይጠበቅ። ምስማር ብቻ አይበቃም። የተቃጠለ የመኪና ዘይት ቀቡት የሚል አይጠፋም። ከብት ግድግዳ ይልሳል፣ አጠገቡም እህል አለ፣ እኔ በረት ውስጥ አልቀባም። ድንጋዩን ከላይ አውጥታችሁ ከተዋችሁት ምስጥ ለመውጣት የአፈር መንገዱን በድንጋዩ ላይ ይሰራል፤ ስታዪው በመጥረጊያ ታፈርሺዋለሽ።

የጣራውን አፍ ወራጁ ላይ እንጨት ጨምራችሁ ቢያንስ 60 ሳንቲም አስወጡት። ውሃው በሚያርፍበት መስመር ቦይ ቆፍሩና ድንጋይ አንጥፉበት። አሸንዳ ከቻላችሁ ጥሩ ነው፣ ካልቻላችሁ ቦዩ ይበቃል። የከብቱን ሽንትም አትርሺ፣ ወለሉ ወደ ደጅ ያዘንብል።

ጭቃው ላይ ምንጃር ያለ ሰው አይቸገርም፣ የጤፍ ጭድ ሞልቷል። አፈሩን ከጭዱ ጋር አራሱና አንድ ሁለት ሳምንት ይቦካ፣ በየመሃሉ ይረገጥ። መሽተት ሲጀምርና እጅ ላይ እንደ ሊጥ ሲሳብ ደርሷል። ትንሽ አድበልብለሽ አድርቂውና እይው። ከተሰነጠቀ ጭድ ወይም አሸዋ ጨምሪ፣ ከተፈረፈረ ሸክላነት ያለው አፈር ይጎድለዋል። መጀመሪያ የተመረገው ሙሉ በሙሉ ደርቆ ይሰንጠቅ፣ ሁለተኛው ስንጥቁን ይደፍነዋል። መጨረሻ ላይ እበት ቀቡት። ነጭ ከፈለጋችሁ ኖራ ነው እንጂ ቀለም አይደለም፣ ኖራ እርጥበት ያስወጣል።

ጎተራው ብዙ ስራ የለውም። እግሩ ድንጋይ ላይ ይሁን፣ ስንጥቁ በእበት ይመረግ፣ ክዳኑ ይታይ። ጤፍ አስገቡበት፣ ፍሬው ትንሽ ስለሆነ ነቀዝ አይደፍረውም። በቆሎና ማሽላ ግን አየር በማያስገባው ባለ ሶስት ድርብ ከረጢት ይቀመጥ፣ ነቀዙ አየር አጥቶ ይሞታል። እህሉ አስቀድሞ በደንብ ይድረቅ፣ በጥርስሽ ስትሰብሪው ቀጭ ማለት አለበት።

ወንድምሽ ብሎኬቱን ካልተወ ለብቻው ከበረቱ ራቅ አድርጎ ይስራ፣ የአዲሱ ጣራ ውሃ ወደ አሮጌው ግድግዳ እንዳይመጣ። አናጢ ስትቀጥሪ ደግሞ ዋጋ ከመነጋገርሽ በፊት ቋሚውን ሲቆርጥ ጣራውን በምን እንደሚደግፈው ጠይቂው። «አይወድቅም ባክሽ» ካለሽ ሌላ ፈልጊ።