ስለ ዶን ራሞን የጠየቃችሁኝ

ስለ ሜክሲኳዊው ረዳት ተዋናይ ስለ ራሞን ባልዴስ የፈለጋችሁትን ጠይቁኝ ብዬ ነበር። ለመጡት ጥያቄዎች መልሴ ይኸው። ዓመታቱ እ.ኤ.አ. ናቸው።

ጥያቄ፦ «ኤል ቻቮ ዴል ኦቾን» አይቼ አላውቅም። ዶን ራሞን ማን ነው?

መልስ፦ «ኤል ቻቮ ዴል ኦቾ» በ1970ዎቹ ሮቤርቶ ጎሜስ ቦላኞስ የሠራው የቴሌቪዥን ኮሜዲ ነው። ታሪኩ ያለው ተከራዮች በር ለበር በሚኖሩበት አንድ ግቢ ውስጥ ነው። ራሞን ባልዴስ የሚጫወተው ዶን ራሞን ከተከራዮቹ አንዱ ነው፤ እናት የሌላትን ልጁን ብቻውን ያሳድጋል፤ ሥራ አይበረክትለትም፤ የ14 ወር ኪራይ አለበት። አከራዩ በመጣ ቁጥር መደበቂያ ይፈልጋል።

ጥያቄ፦ ሁልጊዜ ጥፊ የሚቀምስ ሰው ምኑ ያስቃል?

መልስ፦ ጥፊው አይደለም የሚያስቀው፤ ከጥፊው በኋላ ያለው ነው። የጎረቤቷ ልጅ ኪኮ ያለቅሳል፤ እናቱ ዶኛ ፍሎሪንዳ ሳትጠይቅ ሳትመረምር ዶን ራሞንን ታጮለውና «ና የኔ ሀብት፣ ከእነዚህ ወራዶች ጋር አትዋል» ብላ ልጇን ይዛ ትሄዳለች። እሱ ቃል አይመልስላትም። ዞር ስትል ኮፍያውን አውልቆ መሬት ይወረውርና ይረግጠዋል። ይሄኔ የፕሮግራሙ ዋና ገጸ ባሕርይ ትንሹ ቻቮ ቀረብ ብሎ ስለ ዶን ራሞን ሴት አያት የማይሆን ጥያቄ ይጠይቀዋል፤ ኩርኩምም ይቀምሳል። ያ ቀጭን ሰውነት፣ የሚንቀጠቀጠው ጢም፣ የዋጠው ንዴት! ድሃ ሆኖ ክብሩን ያልጣለ ሰው እንዲህ ሲጫወት ሌላ አላየሁም።

ጥያቄ፦ ይህን ችሎታ ከየት አመጣው?

መልስ፦ ከ20 ዓመት በላይ ከተጫወታቸው ትንንሽ የፊልም ሚናዎች። ታላቅ ወንድሙ ሄርማን፣ በመድረክ ስሙ ቲን ታን፣ ከሜክሲኮ ሲኒማ ታላላቅ ኮሜዲያን አንዱ ነበር፤ ራሞንን ካሜራ ፊት ያቆመው እሱ ነው። በ1949 ለእይታ በበቃው «ካላባሲታስ ቲዬርናስ» ጀመረ፤ «ኤል ሬይ ዴል ባሪዮ» ላይም ከወንድሙ ጋር አለ። ብዙዎች ይህን ዘመኑን ዘለው ያልፉታል፤ እኔ ግን ትምህርት ቤቱ ያ ነው ባይ ነኝ። ገብቶ ሁለት ቃል ተናግሮ የሚወጣ ተዋናይ በፊቱና በአካሄዱ ካልተናገረ ማን ያስታውሰዋል?

ጥያቄ፦ ብራዚሎች «ሴው ማድሩጋ» የሚሉት እሱን ነው?

መልስ፦ አዎ፣ እሱ ነው። እዚያ ከ1984 ጀምሮ በፖርቱጋልኛ ድምፅ ተሰጥቶት ታየ፤ ዛሬም ፊቱ ያለበት ቲሸርት ይለበሳል።

ጥያቄ፦ መጨረሻውስ?

መልስ፦ በ1979 ከፕሮግራሙ ወጣ፣ በ1981 ለጥቂት ጊዜ ተመለሰ፣ ከዚያ ኪኮን ሆኖ ከተጫወተው ከካርሎስ ቪያግራን ጋር ሠራ። ነሐሴ 1988 በጨጓራ ካንሰር አረፈ።

ጥያቄ፦ አንድ ክፍል ብቻ ልይ ብል የቱን?

መልስ፦ ግቢው በሙሉ ወደ ሜክሲኮ የባሕር ዳር ከተማ ወደ አካፑልኮ የወረደበትን። ሌሊት በባሕሩ ዳር እሳት ከበው ሲዘምሩ እሱን ብቻ እየው።