ለመሥሪያ ቤት ያስገባነው አቤቱታ መልስ ሲያጣ ፍርድ ቤት ምን ያደርጋል? ጥያቄና መልስ

የሰሜን ሸዋ ነዋሪዎች የሚልኳቸውን ጥያቄዎች የሚመልሱት ደብረ ብርሃን የሚኖሩ አንጋፋ ጠበቃ ናቸው።

ከመሐል ሜዳ፦ ጋሼ፣ ለአንድ የፌዴራል መሥሪያ ቤት ያስገባሁት አቤቱታ ስምንት ወር ሆነው። ፍርድ ቤቱ ጉዳዬን አይቶ ይወስንልኛል?

መልስ፦ አይወስንልህም፤ ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183 ለፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት የሰጠው ሥልጣን የአስተዳደር ውሳኔን መከለስ ነው እንጂ በኃላፊው ወንበር ተቀምጦ ፈቃድ ማደል አይደለም። ዳኛው የሚመረምረው ባለጉዳዩ መሰማቱን፣ ውሳኔው ከነምክንያቱ በጽሑፍ መሰጠቱንና መሥሪያ ቤቱ ከሥልጣኑ አለማለፉን ነው። ስለዚህ ብትረታ እንኳ መሥሪያ ቤቱ ጉዳዩን በሥርዓቱ አይቶ እንደገና «አይሆንም» ሊልህ ይችላል። የተቋሙን ቅሬታ ሰሚ ዘልለህ ብትመጣም መዝገቡ ሊዘጋብህ ይችላል።

ለመሆኑ በእጅህ ባለው የአቤቱታህ ቅጂ ላይ የመሥሪያ ቤቱ መዝገብ ቤት ቁጥርና ቀን አለ? አንድ የመንዝ አባት ከጋቢያቸው ውስጥ አራት ማመልከቻ በላስቲክ እንደተጠቀለለ አውጥተው አሳይተውኝ ነበር። አራቱንም ለጸሐፊዋ በእጅ ሰጥተዋል፤ አንዱም ማኅተም የለበትም። የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ «አልደረሰንም» ሲል ዳኛው የሚመዝነው ማስረጃ አጣ።

ከሸዋ ሮቢት፦ አዋጁ ለወረዳ መሬት ጽሕፈት ቤትም ይሠራል?

መልስ፦ አይሠራም። እሱ የሚመራው በክልሉ ሕግ ነው። ቅጂህ ላይ ቁጥርና ቀን አለ?

ከደብረ ሲና፦ ከዚህ ሁሉ ምልልስ የአስተዳደር በደልን ወደሚመረምረው እንባ ጠባቂ ተቋም መሄድ ይሻላል፤ የዳኝነት ክፍያ የለውም።

ከዓለም ከተማ፦ አልስማማም። እንባ ጠባቂ የመፍትሔ ሐሳብ ያቀርባል እንጂ አይፈርድም፤ የፍርድ ቤት ትእዛዝ ግን በአፈጻጸም ይከበራል።

ከደብረ ሲና፦ አፈጻጸሙ ራሱ ስንት ዓመት እንደሚፈጅ የተጉላላ ያውቀዋል!

መልስ፦ ክርክራችሁ ዋናውን ነገር ስቶታል። እንባ ጠባቂ በፍርድ ቤት የተያዘን ጉዳይ አያይም፤ ስለዚህ የትኛው ይቅደም የሚለውን ክስ ከመክፈታችሁ በፊት ወስኑ፤ የክስ ማቅረቢያው ጊዜ እንዳያልፍባችሁም ተጠንቀቁ።

ከእነዋሪ፦ አቤቱታዬ ታፍኗል፤ ምን ላድርግ?

መልስ፦ ለማን አቀረብህ? መቼ? ምን ጠይቀህ? ይህን ሳትነግረኝ የምመልሰው የለኝም።

ከአንኮበር፦ ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 30 አቤቱታ የማቅረብ መብት ሰጥቶን የለም? እኔ በቃል አመልክቻለሁ።

መልስ፦ ሰጥቷል። በቃል ያልኸውን ጽፈህ አስገባና መዝገብ ቤቱ ቅጂው ላይ ቁጥርና ቀን እንዲያሰፍርልህ አድርግ። ስንት ጊዜ ልበል!

ከመሐል ሜዳ፦ ጋሼ፣ ቅጂዬን አገኘሁት። ቁጥር አለው፤ ግን በእርሳስ የተጻፈ ነው፣ ማኅተም የለውም።

መልስ፦ ነገ ጠዋት ሄደህ ቁጥሩን ከገቢ መዝገቡ ጋር አስተያይ። ከተገኘ ያንኑ ቁጥር ጠቅሰህ የማስታወሻ ደብዳቤ አስገባ፤ የዚህኛውን ቅጂ ማኅተም ሳታስመታ ግን ከመስኮቱ እንዳትነቃነቅ።