ካሜራ ይዛችሁ የብሪታንያን ጥንታዊ ከተሞች ልትዞሩ ላሰባችሁ

ውድ ልጆቼ፣

ሰመር ሲቃረብ ከወጣቶች ተመሳሳይ ጥያቄ ይደርሰኛል። "ጋሼ፣ መኪና ተከራይተን የብሪታንያን ጥንታዊ ከተሞች ፎቶ እያነሳን ልንዞር ነው፤ እቅዳችንን ይዩልን" ይሉኛል። እቅዱን ሳየው ብዙ ጊዜ የከተማ ስም ዝርዝር ነው። ዊንዘር፣ ኦክስፎርድ፣ ባዝ፣ ቼስተር፣ ዮርክ፣ ደርሃም፣ ኤድንብራ። ሁሉም በአንድ ሳምንት! ዕድሜዬን የገፋሁት እዚሁ አገር በካሜራ ሥራ ነውና የማውቀውን ልንገራችሁ።

ከዝርዝሩ ግማሹን ሰርዙ። ከቀረው ላይም ቀንሱ። በተረፉት ከተሞች ግን እደሩ። ዋናው ነገር ማደሩ ነው።

ምክንያቱ ቀላል ነው። እነዚህ ከተሞች ከረፋዱ 4 ሰዓት እስከ ቀኑ 11 ሰዓት በጎብኚ ይሞላሉ። አውቶቡስ ያራግፋል፣ አውቶቡስ ይጭናል። በዚያ ሰዓት የዮርክን "ሻምብልስ" ብታነሱ የሚወጣላችሁ የሰው ጀርባና ከፍ ብሎ የተያዘ ስልክ ነው። ሻምብልስ የድሮ የሥጋ ቤቶች መንገድ ነው። የእንጨት ቤቶቹ ከላይ ወደ ጎዳናው አጎንብሰው ሊነካኩ ይደርሳሉ። አንዳንዶቹ ከ14ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ የቆሙ ናቸው። ሥጋ ይሰቀልባቸው የነበሩ መንጠቆዎች ዛሬም በአንዳንድ ሱቆች ፊት ይታያሉ። ይህን ሁሉ በእርጋታ የሚያየው ከተማዋ ውስጥ አድሮ በማለዳ የወጣ ሰው ነው። ከለንደን ማልዶ የሚነሳ ሰው ዮርክ ሲደርስ ጠዋቱ አልፏል።

ቀጥሎ ስለ ብርሃን። አዲስ አበባ ያደገ ሰው ፀሐይ ጠዋት 12 ሰዓት ገደማ ወጥታ ማታ 12 ሰዓት ገደማ እንደምትጠልቅ ለምዷል። ዓመቱን ሙሉ ልዩነቱ ትንሽ ነው። ጀምበር ከጠለቀችም ብዙም ሳይቆይ ይጨልማል። ብሪታንያ እንዲህ አይደለም። ዮርክ ከምድር ወገብ ወደ ሰሜን 54 ዲግሪ ያህል ላይ ናት። በእኛ የሰኔ አጋማሽ እዚያ ፀሐይ የምትወጣው ከሌሊቱ 10 ሰዓት ተኩል ገደማ ነው። የምትጠልቀው ከምሽቱ 3 ሰዓት ከ40 አካባቢ። በታኅሣሥ አጋማሽ ደግሞ ጠዋት 2 ሰዓት ከ20 ወጥታ ገና 10 ሰዓት ሳይሞላ ትጠልቃለች። እኩለ ቀን ላይ እንኳ ከአድማስ 13 ዲግሪ አትሞላም።

ይህ ለፎቶ ምን ማለት ነው? በሰኔ ምሽቱ ይረዝማል፤ ከፀሐይ መጥለቅ በኋላ ሰማዩ ለረጅም ጊዜ ሰማያዊ ሆኖ ይቆያል። መስኮቶች መብራት ያበራሉ፣ ድንጋዩ ገና ይታያል። ግን ጎህ ሲቀድ ማንሳት የፈለገ ሰው እንቅልፍ የለውም። በታኅሣሥ ፀሐይዋ ቀኑን ሙሉ ዝቅ ብላ ከጎን ስለምታበራ የድንጋዩ ቅርጽ ጎልቶ ይወጣል። ጠባብ ጎዳናዎች ግን ፀሐይ ሳያገኙ ይውላሉ። እኔን ብትጠይቁኝ የምመርጠው መስከረምን ነው። ቀንና ሌሊት እኩል ይሆናሉ። ፀሐይ በሰው ሰዓት ትወጣለች፣ በሰው ሰዓት ትጠልቃለች። የትምህርት ቤት ዕረፍት ስላለቀም ሕዝቡ ይቀንሳል።

በመስከረም ዮርክ ብትገኙ ሌላም ነገር አለ። ቆስጠንጢኖስ የሮማ ንጉሠ ነገሥት ተብሎ የታወጀው እዚያች ከተማ ውስጥ፣ በ306 ዓ.ም. በአውሮፓ አቆጣጠር ነው (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትም ሁሉ በዚያው አቆጣጠር ናቸው)። አባቱ እዚያ ሲሞት ወታደሮቹ እርሱን አነገሡት። አዎ፣ መስቀሉን አስቆፍራ አወጣች የምንላት የንግሥት እሌኒ ልጅ። ዛሬ በዮርክ ታላቁ ካቴድራል ደቡብ በኩል ተቀምጦ የሚያሳየው የነሐስ ሐውልት አለው። ደመራ እያየ ያደገ ልጅ ያንን ሐውልት ሲያነሳ ከሌላው ጎብኚ የተለየ ነገር ያያል ብዬ አምናለሁ። ካቴድራሉን በሙሉ ለማንሳት ደግሞ በባቡር ጣቢያው በኩል ወዳለው የከተማው ግንብ ውጡ። ግንቡ ወደ 3 ኪሎ ሜትር ተኩል ይጠጋል፣ በነጻ ይኬድበታል። ሲመሽ ግን በሮቹ ይዘጋሉ፤ ሰዓቱን አስቀድማችሁ አስሉ።

አሁን መንገዱን እንምረጥ። አንድ ሳምንት ብቻ ካላችሁ ምዕራቡን ወይም ሰሜኑን ያዙ፤ ሁለቱን አትቀላቅሉ። ከባዝ ዮርክ ከ4 ሰዓት በላይ ይነዳል። ያ ማለት አንድ ጥሩ ቀን አውራ ጎዳና ላይ ቀረ። ለሰሜኑ፣ ማለትም ለዮርክና ለደርሃም፣ መኪናም አያስፈልጋችሁም። ከለንደን ኪንግስ ክሮስ ዮርክ በፈጣን ባቡር 2 ሰዓት ያህል ነው፤ ደርሃምም በዚያው መስመር ላይ ናት። መኪና የሚያስፈልገው ለምዕራቡ ነው። እኔ ለጀማሪ የምመክረውም እሱን ነው፤ ዊንዘር፣ ላኮክ፣ ባዝ፣ ዌልስ። ይህቺ ዌልስ ከተማ ናት፣ አገሪቱ አይደለችም።

ላኮክን ለምን ትንሽ መንደር ሆና ሳለ አስገባኋት? ፎቶ የምትወዱ ከሆነ የእናንተ ሥራ ከተወለደባቸው ቦታዎች አንዷ ስለሆነች ነው። ዊልያም ሄንሪ ፎክስ ታልቦት የሚኖረው ላኮክ አቢ በሚባለው፣ በ1232 ገዳም ሆኖ በተመሠረተው ሕንፃ ውስጥ ነበር። በኦገስት 1835 ከደቡቡ ጋለሪ መስኮቶች አንዱን በትንሽ የእንጨት ካሜራ አነሳ። ያ ኔጋቲቭ፣ ማለትም ብርሃንና ጥላው ተገልብጦ የወጣው ምስል፣ እስከ ዛሬ ተርፏል። በካሜራ ከተነሱ ኔጋቲቮች ሁሉ ከተረፉት አንጋፋው እሱ ነው። መጠኑ ከፖስታ ቴምብር ብዙም አይበልጥም። ከአንድ ኔጋቲቭ ብዙ ቅጂ የማተም ዘዴ ከዚህ ሰው ሥራ የመጣ ነው። መስኮቱ አሁንም በቦታው አለ። ፊቱ ቆማችሁ ዝም ብላችሁ እዩት። ከዚያ አንሱት፤ አንድ ጊዜ ብቻ፣ በደንብ አስባችሁ። መንደሯ በአብዛኛው ናሽናል ትረስት የሚባለው የቅርስ ጠባቂ ድርጅት ናት፤ ቤቶቹ ውስጥ ግን ተከራዮች ይኖራሉ። በመስኮት አጮልቃችሁ አትመልከቱ።

ከላኮክ ባዝ ቅርብ ነው። ባዝ ውስጥ ቢያንስ ሁለት ሌሊት እደሩ። ከተማው የተሠራበት ድንጋይ የማር ቀለም አለው፤ ጠዋትና ማታ ይሞቃል፣ በደመና ቀን ይደበዝዛል። ሮያል ክሬሰንት የሚባለው የግማሽ ክብ ቤቶች ረድፍ ከ1767 እስከ 1774 የተሠራ ነው። በጣም ሰፊ ስለሆነ ሁሉም ሰው በሰፊ ሌንስ ሊጨምቀው ይሞክራል። እኔ ጫፉ ላይ ቆማችሁ በዙም ሌንሳችሁ አቅርባችሁ የዓምዶቹን መደጋገም ብታነሱ እመርጣለሁ። ለመላው ከተማ ደግሞ በደቡብ ኮረብታ ላይ ወዳለው አሌክሳንድራ ፓርክ ውጡ። ወደ ሰሜን ስለምትመለከቱ ፀሐይ ዓይናችሁ ውስጥ አትገባም።

ባዝ ሄዶ ፌርፊልድ ሃውስን ሳያይ የሚመለስ ኢትዮጵያዊ ያሳዝነኛል። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ከ1936 እስከ 1940 ድረስ በስደት የኖሩት እዚያ ቤት ነው። በኋላ በ1958 ለከተማው ሰጡት። ከመሃል ከተማ ትንሽ ወጣ ይላል። ለጎብኚ ክፍት የሚሆንበትን ቀን አስቀድማችሁ ጠይቁ። እንደ ሮያል ክሬሰንት የሚያስደምም ሕንፃ አትጠብቁ። ግን ንጉሥ ያለ አገር የከረመበትን ቤት በፎቶ ማስቀመጥ ለእኛ ከየትኛውም የሮማ መታጠቢያ የበለጠ ጉዳይ ነው።

ዌልስ ትንሽ ናት፣ በእግር ታልቃለች። ካቴድራሉ ውስጥ ከ1338 እስከ 1348 የተሠሩ የመቀስ ቅርጽ ያላቸው ቅስቶች አሉ። ማማው መስመጥ ስለጀመረ እንዲደግፉት ነው የገቡት። ካቴድራል ውስጥ ትራይፖድ (ባለ ሦስት እግር የካሜራ ማቆሚያ) ብዙ ጊዜ አይፈቀድምና አይኤስኦውን፣ ማለትም ካሜራው ለብርሃን ያለውን ስሜት፣ ከፍ አድርጋችሁ በእጅ ለማንሳት ተዘጋጁ። አጠገቡ ቪካርስ ክሎዝ የሚባል የ14ኛው ክፍለ ዘመን ጎዳና አለ። ከመግቢያው ወደ ውስጥ እየጠበበ ስለሚሄድ ከእውነቱ ረዝሞ ይታያል። ከሌላው ጫፍ ዞራችሁ ብታነሱት ደግሞ አጭር ይመስላል። ሁለቱንም ሞክሩ። አሮጌ ሕንፃ መጠገኑ አይቀርምና ስካፎልዲንግ (ለጥገና የሚቆም መወጣጫ) እንዳለ ከመሄዳችሁ በፊት አጣሩ፤ ይህ ለሁሉም ከተሞች ይሠራል።

ዊንዘርን ለብቻው ላውራ። ልዑል ዓለማየሁ ቴዎድሮስ ያረፈው እዚያ፣ በቤተ መንግሥቱ ግቢ ባለው የቅዱስ ጊዮርጊስ ጸሎት ቤት ነው። ከመቅደላ በኋላ በ1868 ወደ ብሪታንያ ሲመጣ የ7 ዓመት ልጅ ነበር። እናቱ እቴጌ ጥሩወርቅ በመንገድ አረፉ። እርሱም በ1879 በሊድስ ከተማ፣ በ18 ዓመቱ ሞተ። አጽሙ ወደ አገሩ ይመለስ የሚለው ጥያቄ እስካሁን አልተሳካም። ወደ ዊንዘር የምትሄዱ ከሆነ ማክሰኞና ረቡዕ ቤተ መንግሥቱ ብዙውን ጊዜ ዝግ ነው። እሑድ ጸሎት ቤቱ ለጎብኚ አይከፈትም። ውስጡም ፎቶ ማንሳት ክልክል ነው። ስለዚህ እዚያ ካሜራችሁን ቦርሳ ውስጥ አድርጋችሁ ትገባላችሁ። ይህ ለጉዞው ጥሩ ጅማሬ ነው ብዬ አስባለሁ።

ለምን? ዓለማየሁ በመጣበት ዓመት በዋይት ደሴት ጁሊያ ማርጋሬት ካሜሮን ፎቶ አንስታዋለች። በዘመኑ ከነበሩት ፎቶ አንሺዎች ሁሉ የምትደነቅ ሴት ናት። ፎቶዎቹ በብርሃን አያያዛቸው ድንቅ ናቸው፤ ከመሄዳችሁ በፊት ፈልጋችሁ እዩአቸው። ግን አባቱንም እናቱንም ያጣ ሕፃን ነው ፊታችሁ ያለው። አልነሳም ማለት ይችል ነበር ብዬ አላስብም። እኔ እነዚያን ፎቶዎች ካየሁ ወዲህ የማላውቀውን ሰው ፊት ሳልጠይቅ አላነሳም። ሕጉ እዚህ አገር ለእናንተ ሰፊ ነው። በሕዝብ መንገድ ላይ ቆሞ ሕንፃም ሰውም ማንሳት በአጠቃላይ አይከለከልም። አዲስ አበባ ላይ ካሜራ ሲያወጣ ዘበኛ የሚያስቆመው ሰው ይህን ነጻነት ይወደዋል። ይሁን እንጂ ሱቁ ደጃፍ የቆመን ሽማግሌ "ላነሳዎት እችላለሁ?" ማለት ምንም አያስከፍልም። አብዛኛው ሰው ፈገግ ብሎ ይፈቅዳል፣ ጨዋታም ይጀምራል።

መኪናውን በአጭሩ ልጨርስ። የሚነዳው በግራ ነው። የሌላ አገር መንጃ ፈቃድ ያለው ጎብኚ እስከ 12 ወር መንዳት ይችላል። ዓለም አቀፍ መንጃ ፈቃድ የሚጠይቅ አከራይ ስላለ ግን ቀድማችሁ ጠይቁ። ከ25 ዓመት በታች ከሆናችሁ ብዙዎቹ ተጨማሪ ያስከፍላሉ። አውቶማቲክ ከፈለጋችሁ ስትይዙ በግልጽ ተናገሩ። የፍጥነት ምልክቱ በማይል ነው፤ 30 ሲል በሰዓት 48 ኪሎ ሜትር ማለት ነው። ባዝ ስትገቡ መኪናውን ከከተማ ውጭ ባለው "ፓርክ ኤንድ ራይድ" አቁማችሁ በአውቶቡስ ግቡ፤ ከማታ በኋላ የማቆም ደንቡን ግን አጣሩ። መሃል ከተማ ፓርኪንግ ፍለጋ ስትዞሩ ጥሩው ብርሃን ያልፋል። ኢትዮጵያዊ ፓስፖርት ያላችሁ፣ ከባሕረ ሰላጤው አገሮች የምትመጡትም ጭምር፣ የጎብኚ ቪዛ ያስፈልጋችኋል፤ ጊዜ ስለሚወስድ ከሁሉ በፊት እሱን ጀምሩ። የአሜሪካ፣ የእስራኤል ወይም (ከአየርላንድ በቀር) የአውሮፓ ኅብረት ፓስፖርት ያላችሁ ደግሞ ከመነሳታችሁ በፊት ኢቲኤ የሚባለውን የጉዞ ፈቃድ በኢንተርኔት አውጡ።

ዕቃ አታብዙ። አንድ ካሜራ፣ አንድ ሰፊ ሌንስ፣ አንድ መካከለኛ ዙም ይበቃል። ጥሩ ስልክ ብቻ ያላችሁም አትቅሩ። ከሌንስ ይልቅ ውኃ የማያስገባ ጫማ ግዙ። ዝናብ ሲመጣ ካፌ ገብታችሁ ቁጭ በሉ፤ ሲያባራ ግን ቶሎ ውጡ፣ ያኔ ኮብልስቶኑ የመስኮቱን መብራት ይመልሳል። ሰማዩ ነጭ ሆኖ ከዋለ ከፍሬሙ አውጡትና በሮችን፣ ቁልፎችን፣ የተበላ ደረጃን አንሱ። ረጅም ማማ ስታነሱ ካሜራውን ወደ ላይ አታቅኑ፤ ሕንፃው ወደ ኋላ የሚወድቅ ይመስላል። ራቅ ብላችሁ ቀጥ አድርጋችሁ ያዙት።

ማታ ማታ ፎቶዎቻችሁን ሁለት ቦታ ገልብጡ፤ አንዱን ከሻንጣው፣ አንዱን ከእናንተ ጋር። በዚያው ሌሊት የቦታውን ስም፣ ቀኑንና የፈቀደላችሁን ሰው ስም ጻፉ፤ ነገ ይጠፋባችኋል። የካሜራችሁንም ሰዓት ከመጀመሪያው ቀን አስተካክሉ። ከአዲስ አበባ የምትመጡ ከሆነ በሰመር 2 ሰዓት፣ በዊንተር 3 ሰዓት ወደ ኋላ መልሱት።